ሐውልት የሌላቸው

ባለቤቴ እንግዳ ሊሞት ሲል የለመነኝ አንድ ነገር ነው፤ «ድንጋይ እንዳትጭኚብኝ፣ ወይራ ትከይልኝ።» ተከልኩለት። መካኒሳ ውስጥ እንዲህ ያደረግሁት እኔ ብቻ አይደለሁም፤ ያኔ ሐውልት ለማቆም አቅም የሌለው ሁሉ በሟቹ ራስጌ ጽድ ወይም ወይራ ይተክል ነበር። የቤተ ክርስቲያናችን ግቢ ደን የሆነው በእኛ ሙታን ነው።

በ1989 ዓ.ም. ግን የግቢ ማስዋቢያ ኮሚቴ የሚባል መጣብን። ሰብሳቢው አቶ አምሐ ከቅዳሴ በኋላ ትልቅ የንድፍ ወረቀት ዘርግተው አሳዩን። የሲሚንቶ መንገድ፣ ጽጌረዳ፣ አግዳሚ ወንበር! ሐውልት ያለው በያለበት ይቆማል፣ ዛፉ ግን ይነሳል። መንገዱ የሚያልፈው በባሌ በእንግዳ መቃብር ላይ ነው።

«እዚያ ጋ እኮ ባሌ አለ» አልኳቸው።

«እማማ ተሾመች፣ እዚያ ያለው ቁጥቋጦ ነው። መቃብር ቢሆን ኖሮ ሐውልት ይኖረው ነበር።»

ደሜ ፈላ። እሳቸው ሰፈራችን የገቡት ትናንት፤ እኔ ስንቱን አልቅሼ የቀበርኩበትን ግቢ ለእኔው ሊያስረዱኝ!

«ድንጋይ ያልተጫነበት አልሞተም ማለት ነው?» ስላቸው ሰዉ ሳቀ። እሳቸው ወረቀታቸውን ጠቅልለው ሄዱ። የደብሩ አለቃ ዘንድ ሄጄ ብጮህም «ኮሚቴው ያውቃል» ከማለት ሌላ መልስ አላገኘሁም።

ከሦስት ሳምንት በኋላ፣ ማክሰኞ ጠዋት ስደርስ ወይራው ተቆርጦ ወድቋል። ሠራተኞቹ ጉቶውን በገመድ አስረው ይጎትታሉ። «ተዉ!» ብዬ ስጮህ ተነቀለ። ሥሩ አጥንት አቅፎ ወጣ።

ሠራተኞቹ ገመዱን ጥለው አማተቡ። እኔ ነጠላዬን መሬት ላይ አንጥፌ የባሌን አጥንት መልቀም ጀመርኩ። 

አቶ አምሐ እየሮጡ መጡ። «እማማ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ። በኮሚቴው ወጪ ጥሩ ሐውልት እናሠራላቸዋለን፣ የእብነ በረድ።»

«ድንጋይ አትጫኑብኝ ብሏል! ደግሞስ አሁን ነው መቃብር መሆኑ የታየህ?» አንቱታው ከአፌ ጠፋ።

ቀና ብዬ ዙሪያዬን አየሁ። ባለፈው ሳምንት የሌሎቹ ጽድና ወይራ ሁሉ ተነቅሎ፣ ጉድጓዱ ተደልድሎ ጽጌረዳ ተተክሎበታል። የማሚቴ እናት እዚያ ነበሩ። የወጋየሁ ልጅ እዚያ ነበረች።

«ከእነሱ ዛፍ ሥር የወጣውን አፈርስ የት አደረስከው?»

አምሐ አፈር ሊጭን ወደቆመው ገልባጭ መኪና ዞረ። የመለሰልኝ መኪናው ላይ የተቀመጠው ሾፌር ነው።

«ፉሪ ነው የደፋነው፣ እናቴ» አለኝ ቀስ ብሎ። «ለአዳዲሶቹ ቤቶች መሠረት መሙያ።»