የሊማሊሞ ቁራኛ

አባቴ ጠዋት ከመናኸሪያ ሲሸኘኝ የተናገረው አንድ ነገር ብቻ ነበር።

«ከደባርቅ በኋላ ማንም ቢለምናችሁ እንዳትቆሙ።»

በክራንች ተደግፎ ነበር። እግሩ ባይሰበር ኖሮ ራሱ ይሄድ ነበር። አውቶቡሱ የእሱ ነው፤ መስመሩ ግን የእሱ ይሁን የሌላው ባለአውቶቡስ የህሩይ ገና አልለየለትም። ከጎንደር ተነስቶ፣ ድልድዩን ተሻግሮ ወደ ማዶው ክልል ለሚገባው መስመር የተፈቀደው አንድ አውቶቡስ ብቻ ነው። አባቴ «ለእኔ ተሰጠኝ» ይላል፤ ህሩይ «ከእኔ ነጥቀው ነው የሰጡት» ብሎ ከሷል። ፍርድ ቤቱ ነገሩ እስኪወሰን እኛ እንድንሠራ ፈቀደ፤ ግን አንድ ተራ ካጎደልን፣ በተመደብንበት ቀን ሳይመሽ ማዶው መናኸሪያ ገብተን ካልተመዘገብን፣ ሥራው ለህሩይ ያልፋል። ባለንብረቱ ወይም ወኪሉም ከመኪናው ጋር መኖር አለበት። ወኪሉ እኔ ነኝ፤ ፈህሚያ ሷሊሕ።

ዳባት ላይ ሰው ወረደ፤ የተሳፈረ የለም። ደባርቅም እንዲሁ ሆነ። መኪናው እየቀለለ በሄደ ቁጥር የእኔ ልብ እየከበደ ሄደ። ሾፌራችን ኪዳነ ማርያም እኔ ሳልወለድ ጀምሮ ለአባቴ ሲነዱ የኖሩ ሽማግሌ ናቸው። አያ ኪዳኔ እላቸዋለሁ። ሁልጊዜ ያንጎራጉራሉ፤ ዛሬ ዓይናቸው ከመንገዱ አልተነቀለም።

ሊማሊሞ ላይ ጉም ነበር። መንገዱ የገደሉን ወገብ እየተጠማዘዘ ይወርዳል። አንዱን ጥምዝ እንደዞርን ጋቢ የተከናነበ ሰው መሀል መንገድ ቆሞ እጁን ሲያወዛውዝ አየን።

«አይቁሙ!» አልኩ።

አያ ኪዳኔ ጡሩምባ ነፉ። ሰውዬው አልተነቃነቀም። በጎኑ ሊያልፉት መሪውን ሲያዞሩ ጮኸ።

«በሕግ አምላክ!»

ፍሬኑ አፏጨ፤ መኪናው ቀጥ አለ።

«ምነው ቆሙ? አባቴ ምን ነበር ያለው?»

«ልጄ፣ በሕግ አምላክ ተብዬ አልፌ አላውቅም። እግሬ እሺ አይለኝም።»

ሰውዬው ወደ በሩ ሲመጣ ጋቢው ከራሱ ላይ ተንሸራተተ። ህሩይ ነበር። ያለከልካል።

«አትውረዱ። ታች መንገዱን ታጣቂዎች ዘግተዋል። ሚኒባስ አቁመው ሰዎቹን ወደ ጫካ ሲነዷቸው አይቻለሁ። መኪናዬን ጥዬ ነው በእግሬ የወጣሁት።»

«እርስዎስ እዚህ ምን አመጣዎት?»

«ልዋሽሽ? ብታረፍዱ ልመሰክርባችሁ ነበር የቀደምኳችሁ።»

ከኋላዬ የተቀመጡት እማማ እንኳየሁ፣ አራስ ልጃቸውን ሊጠይቁ የሚሄዱ ሴት፣ «እንዲህ ያለ ሸጋ ሰው ይግጠማችሁ!» ብለው አሾፉ።

ስልኬን አወጣሁ፤ ኔትወርክ የለም። ከተመለስን ተራው ይጎድላል፤ ተራው ከጎደለ መስመሩ የህሩይ ነው። አትውረዱ የሚለኝ ደግሞ ህሩይ ነው። ግን እውነቱን ቢሆንስ?

«ይግቡ» አልኩት። «አብረን እንውረድ። ዋሽተው ከሆነ የሚያስፈራዎት የለም።»

ቁልቁል አየ። ከዚያ «ካላመንሽኝ እሺ» ብሎ ወጥቶ ከጎኔ ተቀመጠ።

ደስ አለኝ። ገባ! እንግዲያ ዋሽቷል አልኩ በልቤ።

አያ ኪዳኔ ግን ዞረው የጋቢውን ጫፍ ከሻርፔ ጫፍ ጋር አጥብቀው ቋጠሩት። «ድሮ ከሳሽና ተከሳሽ ዳኛ ፊት እስኪቀርቡ እንዲህ ይቆራኙ ነበር። መሀል መንገድ ዘለህ እንዳትወርድባት።»

«እኛንስ ማን ጠየቀን?» አሉ እማማ እንኳየሁ። አሁን ድምፃቸው ቀልድ አልነበረውም። መኪናው በዝግታ መውረድ ጀመረ።

ህሩይ አቁሙ አላለም። ፊቱን ወደ መስኮቱ አዙሮ ነበርና ላየው አልቻልኩም። ግን ሻርፔ አንገቴ ላይ መንቀጥቀጥ ጀመረ። የሞተሩ ንዝረት መሰለኝ። በእጄ ያዝኩት። ከሞተሩ አልነበረም፤ ከቋጠሮው ወዲያ ካለው ሰው ነበር የሚመጣው። በጨርቁ ውስጥ አልፎ መዳፌን አንቀጠቀጠው።

ሰው በአፉ ይዋሻል። እንዲህ አድርጎ የሚዋሽ ግን አላውቅም።

«ይቁሙ» አልኩ። «አያ ኪዳኔ፣ በሕግ አምላክ ይቁሙ!»

ቆሙ። በዚያው ቅጽበት ከኋላ አይሱዙ መጣ። አያ ኪዳኔ እጃቸውን በመስኮት አውጥተው «አትሂድ! አትሂድ!» አሉት። ሾፌሩ «መንገድ ልቀቅ፣ ሽማግሌ!» ብሎ እየሳቀ አለፈን። ጉሙ ዋጠው።

የአይሱዙው ጡሩምባ ከታች አንድ ጊዜ በረጅሙ ጮኸ። ከዚያ ተኩስ ተሰማ፤ ገደሉ እየተቀበለ መላልሶ አሰማን። ከዚያ ዝም አለ።

መንገዱ አውቶቡስ አያዞርም። አያ ኪዳኔ ግን አዞሩት። የኋላ ጎማው ከገደሉ ጠርዝ ድንጋይ ሲያንከባልል ሁላችንም ሰማን፤ እማማ እንኳየሁ ድንግልን ጠሩ፣ እኔ አላህን። ህሩይ ዓይኑን ጨፍኖ ነበር።

ሽቅብ እየወጣን ጠየቅሁት።

«ተራችን ጎደለ። ለዳኛው ያስቀረኋቸው እኔ ነኝ ይላሉ?»

ቋጠሮውን በጣቱ እየዳሰሰ ቆየ።

«እላለሁ» አለ በመጨረሻ። «ክሴን ግን አልተውም። መስመሩ የእኔ ነው።»

«የእኛ ነው» አልኩት።

«እሱን ዳኛው ያውቃል።»

ደባርቅ ስንገባ ቋጠሮውን ለመፍታት ሞከርኩ። አያ ኪዳኔ አጥብቀውት ነበርና አልፈታ አለኝ። እሱም ሞከረ፤ አልቻለም።

«ተዪው» አለ። «ፖሊስ ጣቢያ እንዲሁ እንግባ። የአይሱዙው ልጅ ሲስቅ ያየነው እኛ ነን፤ አብረን እንመስክር።»

እንደተቆራኘን ወረድን። ገበያተኛው ቆሞ አየን። ጎን ለጎን ተራመድን፤ እሱ ሲፈጥን እኔን እየጎተተኝ፣ እኔ ስዘገይ እሱን እየያዝኩት።