የዛፉ ቋቁቻ

«ዛፉን በባዶ እጅህ ፋቅከው? ጓንት የለህም?»

«ተቀዷል አልኩህ እኮ!»

«የተቀደደ ጓንት ከቆዳህ አይሻልም ነበር፣ አንተ ዋርካ!»

«እንደሱ ብለህ አትጥራኝ!»

አትክልተኛው እጅጌውን እንደገና ሰበሰበ። ከአንጓው እስከ ክርኑ ቆዳው ነጣ ነጣ ብሎ ግራጫ ነገር ተለጥፎበታል። በመሃሉ ቀጫጭን ጥቁር መስመር ወዲያ ወዲህ ተሰምሮበታል፣ ሕፃን በእርሳስ የጫረው ወረቀት በለው። ቁርጥ ያ ዛፉ ላይ የነበረው! የሚስቱ ወንድም፣ ያ ምላሱ ከብሩሹ የሚረዝም ቀለም ቀቢ፣ ጎንበስ ብሎ አየና አንድ እርምጃ ወደ ኋላ አለ። ቀልደኛ ሰው ወደ ኋላ ሲል ነው እንግዲህ መፍራት።

ነገሩ እንዲህ ነው። ምርምር ጣቢያው ትላልቅ እንግዶች ይመጡበታል ተባለ። እንግዳ ሲመጣ ደግሞ የግቢው ዛፍ ሁሉ እስከ ደረቱ ኖራ ይቀባል፤ ከኖራው በፊት ግንዱ በሽቦ ብሩሽ ይፋቃል። መጋዘኑ ጋ ያለው ዛፍ ላይ ቆርቆሮ ተመትቶ «አይነካ» ይላል። ሰውየው ሕግ አክባሪ ነው፤ ቆርቆሮውን አልነካም። ዙሪያውን ግን እንደ ድስት ፈተገው! ያ ግራጫ ነገር የዛፍ ቋቁቻ መስሎት፣ ጭራሽ ዛፉን ያከመ መስሎት ደስ ብሎት ነበር። የጣቢያው የዛፍ ተመራማሪ ዶክተሯ «ላይከን የሚባል ግንድ ላይ የሚበቅል ብርቅ ነገር ነው» እያለች በየወሩ በማስመሪያ የምትለካው እሱን መሆኑን የሰማው በኋላ ነው፣ እሷ ለሥራ ጫካ ከገባች በኋላ።

የፋቀው ዱቄት ቀኑን ሙሉ ክንዱ ላይ ሲበን፣ የሚቀባው ኖራም ሲንጠባጠብበት ዋለ። በሳምንቱ ክንዱ እንዲህ ሆነ። ከዚያ ወዲህ እህል አይወርድለትም። በዚያ ሙቀት «በረደኝ» እያለ እጅጌውን አይሰበስብም። ትንሿ ልጁ እቀፈኝ ብላ እጇን ስትዘረጋ ግድግዳ ለግድግዳ ይሸሻታል፤ እሷ ላይ ቢወጣስ? ልጅቷ ታለቅሳለች፣ እሱ ሽንት ቤት ገብቶ ያለቅሳል።

«ዶክተሯ ዛሬ ተመልሳለች፤ ሂድና አሳያት» አለው ቀለም ቀቢው።

«የዛፍ ዶክተር እኮ ናት!»

«ታዲያ አንተ ምን እየሆንክ ነው? እሷው ናታ ሐኪምህ!»

«የፋቅኩት እኔ መሆኔን ካወቀች ታስባርረኛለች።»

«ቅጠል ስታወጣስ ማን ይቀጥርሃል?»

እጅጌውን እስከ አንጓው አወረደ። ሄደ።

ዶክተሯ ኖራ የተቀባው ዛፍ ሥር ቁጭ ብላለች፣ ማስመሪያዋ ጭኗ ላይ።

«አስራ አንድ ዓመት ለካሁት» አለች ቀና ሳትል። «ሌላ ዛፍ ላይ ፈልጌ ፈልጌ አጣሁት።»

«እኔ ነኝ» ሊል አሰበና ተወው። እጅጌውን ሰብስቦ ክንዱን ዘረጋላት።

ዶክተሯ ክንዱን አየች፣ ፊቱን አየች፣ ዛፉ ሥር የቀረውን የኖራ ባልዲ አየች። ገባት። ማጉያ መነጽሯን ከአንገቷ አውጥታ ቆዳው ላይ ደቀነች። አገላበጠችው። በጥፍሯ ጫር ስታደርገው ዓይኑን ጨፈነ።

«ኖራ ነው ያቃጠለህ» አለች። «ስንጥቁ ውስጥ ያለው ጥቁር እድፍ ነው። ክሊኒክ ሂድ፣ ቅባት ይስጡህ።»

«ከዛፉ አልተጋባብኝም?»

«ሰው ላይ አይበቅልም።»

«ልጄን ልቀፋት?»

«እቀፋት።»

እዚያው አፈሩ ላይ ዘጭ አለ። ሳቅ ይሁን ለቅሶ ያልለየለት ድምፅ ወጣው። እፎይታ ደግሞ ሰውን ያስለፈልፋል።

«ተመስገን! ዶክተርዬ፣ በቅሎብኝ ቢሆንስ ኖሮ ምን ይውጠኝ ነበር?»

«በቅሎብህ ቢሆንማ ክንድህን ቆርጬ እወስደው ነበር።»