ከጉባኤው የወጣችው ልጅ

ፀጉር ሠሪዋ ለዓመታት ተከራይታ የሠራችበትን ቤት ገዝታ የራሷ ልታደርገው ነው ሲባል ሰፈርተኛው ሁሉ አብሯት ተደሰተ። ደስታዋን ያደፈረሰው የቴምብር ቀረጡ ነው። የገቢዎች መሥሪያ ቤቱ ገማች በውሉ ላይ የሰፈረውን ዋጋ አልቀበልም አለ፤ ቤቱ የሚያወጣው የዚያን እጥፍ ነው ብሎ ቀረጡን በእጥፉ አሰላባት።

«ቤቴን መጥቶ ሳያይ? በሬን ሳያንኳኳ?» አለች፣ የደንበኛዋን ፀጉር በቢጉዲን እየጠቀለለች። «ለነገሩ እኔን ምን አስጨነቀኝ! አቤቱታ ሰሚው ጉባኤ ላይ ልጄ አለችልኝ!»

ፀጉር ማድረቂያው ካስክ ሥር የተቀመጡት ሴቶች ሳቁ። ከጉባኤው ሦስት አባላት አንዷ የሆነችው ልጇ ግን አልሳቀችም። እናቷን ወደ ጓዳ ጠራቻት።

«እማዬ፣ አቤቱታሽን አስገቢ፤ መብትሽ ነው። ጉዳይሽ በሚሰማበት ቀን ግን እኔ ከወንበሬ እነሳለሁ። ጉዳዩ እስኪዘጋም አንዲት ቃል አልተነፍስም፤ አንቺም እንዳትጠይቂኝ።»

«ወይ ጉድ! ለባዕዱ ሁሉ ስትፈርጂ ኖረሽ፣ እናትሽ ጋ ሲደርስ አፍሽ ተለጎመ?»

«እናቴ ስለሆንሽ ነው።»

እናት አኮረፈች። ከዚያ ወዲያ ቤት ውስጥ የሚነጋገሩት ስለ ጨውና ስለ ሳሙና ብቻ ሆነ። ቀኑን ሙሉ ቆማ እየዋለች፣ እግሯ እያበጠ ያስተማረቻት ልጅ እንዲህ ስትሆንባት አንጀቷ አረረ።

የቀጠሮው ዕለት ጉዳዩ ሲጠራ ልጅቷ ተነስታ ቆመች። «አቤት ባይዋ እናቴ ናት። ይመዝገብልኝ» አለች። ወረቀቷን ሰብስባ፣ ወደ እናቷ ቀና ብላ እንኳ ሳታይ ወጣች። ተጠባባቂ አባል ቦታዋን ያዘ።

እናት በዓይኗ እስከ በሩ ሸኘቻት። ይሄኔ ነው ገማቹ ወደ ባልደረባው ጠጋ ብሎ፣ «እኔ እኮ እናትና ልጅ ጨርሰው የመጡ መስሎኝ ነበር» ሲል የሰማችው። ነገሩ ያን ጊዜ ገባት። ልጇ እዚያ ብትቀመጥ ኖሮ እሷ ብትረታም በዝምድና ነው መባሉ አይቀርም ነበር። አንገቷን ቀና አድርጋ ተነሳች።

«ይናገሩ» አሏት የጉባኤው ሰብሳቢ፣ ጠና ያሉ ሴት።

«የምጠይቀው አንድ ነገር ነው። እጥፍ ያሉት ከምን ተነስተው ነው? የነገረኝ የለም፤ የጠየቀኝም የለም።»

ገማቹ እዚያው መንገድ ላይ በቅርቡ ከተሸጠ ሱቅ ጋር አወዳድሬ ነው አለ።

«ማወዳደሪያውን አሳይተዋቸዋል?» አሉ ሰብሳቢዋ።

«ልማዳችን አይደለም።»

«ቤቱንስ አይተውታል?»

ገማቹ ፋይሉን ማገላበጥ ጀመረ።

ጉባኤው ተመካክሮ ሲመለስ ሰብሳቢዋ ውሳኔውን አነበቡ። «ግምቱ በዛ ወይም አነሰ አላልንም። አቤት ባይዋ ሳይደመጡ፣ ማስረጃውም ሳይደርሳቸው የተወሰነ በመሆኑ ግን ተሽሯል። ቤቱ ይታይ፤ ማወዳደሪያው ይሰጣቸው፤ መልሳቸው ይደመጥ፤ ምክንያቱም በጽሑፍ ይገለጽላቸው።»

ገማቹ በሳምንቱ ሜትሩን ይዞ መጣ። የኋላውን ግድግዳ እርጥበት እንደበላው፣ በሩም ወደ መንገዱ ሳይሆን ወደ መተላለፊያው እንደሚከፈት አሳየችው። እሱ ደግሞ አዲሱ የአውቶቡስ ፌርማታ የአካባቢውን ዋጋ ከፍ እንዳደረገው ሽያጮቹን አውጥቶ አስረዳት፤ ልትክደው አልቻለችም። አዲሱ ግምት ከፊተኛው ብዙ ወረደ፤ ከውሉ ዋጋ ግን ትንሽ በለጠ። ምክንያቱን ከላይ እስከ ታች አንብባ፣ «ይሄስ ደግ ነው» ብላ ከፈለች።

የዚያን ዕለት ከሰዓት በኋላ ልጅቷ ፀጉር ቤት ገብታ ወንበር ላይ ዘፍ አለች።

«በቃ፣ ጉዳዩ ተዘጋ። አሁን መጠየቅ እችላለሁ። እማዬ፣ ፈርተሽ ነበር?»

«እንዴት አልፈራ! አንቺስ?»

«ኮሪደሩ ጫፍ ሄጄ አለቀስኩ።»

እናት ፎጣ አነሳችና የልጇ ትከሻ ላይ ጣል አደረገችው። የልጅቷን ራስ ወደ ገንዳው ዘንበል አድርጋ ለብ ያለ ውሃ ለቀቀችባት።

«እንደዚያ ቀጥ ብለሽ ስትወጪ፣» አለች ጣቷን በፀጉሯ መሀል እየሰደደች፣ «ያ ሁሉ ሰው እኮ ዓይኑ አንቺ ላይ ነበር። ክፍሉ ጠቦኝ ነበር፤ ኩራቱ ሊያፈነዳኝ!»

«ቆይ፣ ከመጀመሪያው ጀምሪልኝ፤ ምንም አልሰማሁም እኮ።»

እናት ጉሮሮዋን ጠረገች። የገማቹን ድምፅ እያስመሰለች ስትጀምር ልጅቷ ሳቋ አመለጣትና አረፋው ዓይኗ ውስጥ ገባ።