የላንቴ የውሃ እጣ

በ2002 ዓ.ም. ጥር ላይ የላንቴ መስኖ ቦይ ተናደ። እስኪጠገን ድረስ የሚወርደው ውሃ ከሦስት ሰው ማሳ አላልፍ አለ። በቦዩ የሚጠቀመው የመስኖ ማኅበር አባላት ደግሞ ሃያ ናቸው። እጣ ይውጣ ተባለ፤ በእጣ የወጣን ነገር እግዜር እንደሰጠው ቆጥሮ ዝም ማለት የአገሩ ልማድ ነው።

ሸዋንዳኝ ግን ዝም የሚል ሰው አይደለም። ከሰሜን መጥቶ ሃያ ስድስት ዓመት ሂሳብ ሲያስተምር ኖሮ ጡረታ ወጥቷል፤ ግማሹ አባል ተማሪው ነበር። ይሁን እንጂ አባላቱ በአገሩ ቋንቋ በጋሞኛ ተጠራርተው በሳቁ ቁጥር በእሱ የሳቁ ይመስለዋል። ሚስቱ ልክነሽ በታመመ ወገቧ ኮትኩታ ያሳደገችው ሁለት መቶ እግር ሙዝ ዘለላውን አንጠልጥሏል፤ በዚህ ሳምንት ውሃ ካላገኘ አለቀለት። የውሃ ተራን ለሌላ ሰው መስጠት በደንቡ ክልክል ነው። ደንቡን የጻፈው ራሱ ሸዋንዳኝ ነበር፣ "ያልጠረጠረ ተመነጠረ" ብሎ።

እያንዳንዱ በወረቀት ስም ጽፎ፣ አጣጥፎ ባዶ የወተት ጣሳ ውስጥ ጨመረ። ዓይናቸው የደከመው እማማ ማሚቱ እጃቸውን ሰደዱ።

"ካሱ!" ተባለ። የሊቀመንበሩ የበርናባስ ወንድም ነው።

"አጵሎስ!" ተባለ። እሱ ደግሞ የበርናባስ አጎት ልጅ።

የሸዋንዳኝ ደም ፈላ። ከሃያው አባላት የበርናባስ ቤተሰብ ራሱን ጨምሮ አምስት ናቸው። በጣቱ አፈሩ ላይ ጻፈ፦ አምስት ከሃያ፣ ሲባዛ በአራት ከአስራ ዘጠኝ። ከአስራ ዘጠኝ አንድ ሆነ። ከአስራ ዘጠኝ አንዴ የሚገጥም ነገር ዛሬ ቢገጥም ምኑ ይገርማል? ተማሪ ቢጠይቀው እንዲህ ብሎ ይመልስ ነበር፤ ለራሱ ግን አልታየውም።

እማማ ማሚቱ ለሦስተኛው እጃቸውን ሲከቱ ብድግ አለ። "ያቁሙ! በርናባስ፣ ሁለቱም ያንተ ዘመዶች? ጣሳው ይዘርገፍ!"

የበርናባስ ፊት ተለዋወጠ። "ቲቸር፣ ይቅርብዎት። አንድ ነው የቀረው፣ ይውጣ።"

የሚደብቀው ከሌለ ምን አስፈራው? አለ ሸዋንዳኝ በሆዱ፣ ደስም እያለው። ጣሳውን ነጥቆ ገለበጠው።

የመጀመሪያውን ወረቀት ገለጠ፤ "ሸዋንዳኝ" ይላል፤ ግን እሱ የጻፈው አይደለም። ሁለተኛው "ቲቸር ሸዋንዳኝ" ይላል። ሦስተኛውም ስሙ ነው፣ በበርናባስ ጠማማ ጽሑፍ፤ ስድስተኛ ክፍል እያለ ስንቴ የተቆጣው ጽሑፍ። አስራ ስምንቱን ገልጦ ሲጨርስ አስራ አንዱ ላይ ስሙ አለ።

አባላቱ እርስ በርስ ተያዩ። "አንተም?" አለ አንዱ። "እኔ ብቻ መስሎኝ!" አለ ሌላው። ማንም ከማንም አልተማከረም።

"የእኔ ሙዝ ገና ችግኝ ነው፣ ይችላል" አለ በርናባስ አንገቱን ደፍቶ። "የእርስዎ አይችልም። ተራ መስጠት ደንብ ከለከለ። ምን ላድርግ ታዲያ?"

ሸዋንዳኝ የገለጣቸውን ወረቀቶች አንድ በአንድ ሰበሰበ። መሬት ተሰንጥቃ ብትውጠው በወደደ ነበር። "ይቅር በሉኝ" አለ፤ ድምፁ ለራሱም በደንብ አልተሰማውም።

ግን ሃያ ሰው ያየውን ማን ይሸፍነዋል? ለአንድ ሰው አንድ ወረቀት ይላል ደንቡ። ካሱና አጵሎስ የደረሳቸውን መለሱ፤ እያንዳንዱ የራሱን ስም ጽፎ፣ ወረቀቱ ጮክ ተብሎ እየተነበበ ከታጠፈ በኋላ እጣው እንደገና ወጣ። የደረሳቸው ሌሎች ሦስት ሰዎች ናቸው።

ልክነሽ በር ላይ ጠበቀችው። "ደረሰን?"

"አልደረሰንም። አንድ እጣ ሲቀር ጣሳው ውስጥ ካሉት አስራ ስምንት ወረቀቶች አስራ አንዱ የእኛ ነበሩ።"

"እና ማን ቀማን?"

"እኔ ነኝ፣ ልክዬ" አለ።