የኮርቤት መልህቅ

«ቀስ ብለሽ ንኪው፣ ገና አልዳነም» አለች ኖሪን፣ እጅጌዋን እስከ ክርኗ ሰብስባ።

ብሮንዊን ለመንካት አልደፈረችም። በአሮጊቷ የተሸበሸበ ክንድ ላይ መልህቅ፣ ከመልህቁ ሥር ደግሞ አንዲት ወፍ ተነቅሰዋል። የኖሪን ቅድመ አያት ጄምስ ኮርቤት በስርቆት ከእንግሊዝ ተግዞ ወደ ታዝማኒያ ደሴት ሲመጣ ክንዱ ላይ የነበሩት ምልክቶች እነዚህ ናቸው ብላ የነገረቻት ራሷ ብሮንዊን ነች። የታሪክ ተመራማሪ ናት፤ የግዞተኞችን ኑሮ እየለቀመች ለዘር ማንዘራቸው ታስረዳለች።

«እናቴ ብታይ በድንጋጤ ትሞት ነበር» ሳቀች ኖሪን። «ሰው ሲጠይቀን ‹በገዛ ፈቃዳቸው የመጡ ሰዎች ዘር ነን በሉ› ትለን ነበር። እኔ ግን ይኸው፣ የሌባ ዘር ነኝ ብዬ ተነቀስኩ!»

«ወይዘሮ ኖሪን፣ አንድ ነገር ልነግርዎት ነበር...»

«ቆይ፣ ምድጃ ውስጥ ያለው የሥጋ ፓይ እንዳያርብኝ።»

ብሮንዊን ዓይኗን መሬት ላይ ተከለች። ጄምስ ኮርቤት የሚባሉ ግዞተኞች ሁለት ነበሩ፤ በተቀራራቢ ዘመን፣ በተለያየ መርከብ የመጡ። ባለመልህቁ አለቆቹን አልታዘዝም እያለ ሲገረፍ ኖሮ ልጅ ሳይወልድ የሞተው ነው። የኖሪን ቅድመ አያት ሌላኛው ነበር። እሱ ለተሻለ መኝታና ለተጨማሪ ሥጋ ሲል ጅራፍ ጨብጦ ጓደኞቹን የገረፈ ሰው ነው። ምናልባት ባለመልህቁንም ጭምር።

ብሮንዊን ስህተቷን ካወቀች ሰነባብታለች። «ሰኞ እነግራታለሁ» ትላለች፤ ሰኞ መጥቶ ይሄዳል። ዝም ያለችው ለኖሪን አዝና ብቻ ቢሆን ኖሮ ራሷን ይቅር ባለች። ግን የምትታወቀው በጥንቃቄዋ ነው፤ ለስሟም ሳስታ ነበር።

ጠረጴዛው ላይ የነበረው የኖሪን ስልክ ጮኸ።

«እጄ ቅባት ነው፣ ክፈቺውና ድምፁን ከፍ አድርጊልኝ የኔ ቆንጆ።»

«እማዬ! ወንበሩ ላይ ተቀምጫለሁ» አለ ልጇ ክሬግ። «ነቃሹ መርፌውን እያዘጋጀ ነው። ወፏ የምታየው ወደ ግራ ነው ወደ ቀኝ?»

«ወደ ግራ! ደግሞ እንዳታለቅስ፣ እናትህ እንኳ አላለቀሰችም።»

«ቀኑን ሙሉ በግ የምሸልት ሰውዬ መርፌ ልፈራ?»

«የጉንፋን ክትባት ሲወጉህ ተዝለፍልፎ የወደቀው ታዲያ ጎረቤታችን ነበር?»

ክሬግ በሳቅ ፈነዳ። ኖሪን ወደ ብሮንዊን ጠጋ ብላ ድምፅዋን ቀነሰች። «አባቱ ከሞተ ወዲህ እንዲህ ስቆ አያውቅም። ይህን ያመጣሽልን አንቺ ነሽ።»

ከስልኩ ውስጥ የመርፌው መኪና ጥዝዝ ማለት ጀመረ። ብሮንዊን ስልኩን አነሳችው።

«ክሬግ፣ ብሮንዊን ነኝ። እንዳይጀምር ንገረው።»

«ምነው? ወደ ቀኝ ናት እንዴ?»

ኖሪን ፈገግታዋ ፊቷ ላይ እንዳለ ዞረች።

«የእናንተ አይደለችም» አለች ብሮንዊን፣ ስልኩን ሳይሆን ኖሪንን እያየች። «የተሳሳትኩት እኔ ነኝ።»