የሾፌሩ «በቃኝ»

«ይኼን ዱባ ልጣለው ወይስ ልቀቅለው?» አሉ አክስት፣ ግማሹን ዱባ እንደ አራስ ልጅ ታቅፈው ማቀዝቀዣው አጠገብ ቆመው።

«ተይው አክስቴ» አለች ሐዘንተኛዋ።

«ተይው፣ ተይው! ትናንትም ተይው አልሽ። ጎረቤት ያመጣውን ምግብ የማስገባበት ቦታ አጣሁ እኮ! ማቀዝቀዣውን እንዳለ ዱባ ወረሰው።»

«ተይው አልኩሽ!»

ድምፅዋ ከፍ ሲል አክስት ዱባውን ቀስ ብለው ወደ ቦታው መለሱት። በሐዘንተኛ አይፈረድም። ያም ሆኖ ዝም ማለት ያልፈጠረባቸው ሴት ናቸውና ማቀዝቀዣውን እየዘጉ፣ «አባትሽ እንደሆነ ከእንግዲህ አይበላው» አሉ ለራሳቸው፤ ለራሳቸው ማለት ኩሽና ውስጥ ያለ ሰው ሁሉ በሚሰማው ድምፅ ነው።

ለቅሶው ሦስተኛ ቀኑን ይዟል። ሳሎኑ ከየቤቱ በተሰበሰበ ወንበር ተጨናንቋል። ከየት እንደመጣ ያልታወቀ ባለ ጎማ የቢሮ ወንበር ሳይቀር አለ፤ እሱ ላይ የተቀመጠ እንግዳ ሁሉ ገና «ነፍስ ይማር» ሲል ወደ ኋላ ይሸሽና ግድግዳ ይመታል። ሻይ ይቀዳል፣ ስኒ ይታጠባል፣ እንደገና ይቀዳል። ሰው ድምፁን ዝቅ አድርጎ ስለ ሟች ያወራል፤ ቆይቶ ስለ ጉልበት ሕመም፣ ቆይቶ ደግሞ ስለ ጎረቤት ውሻ። ሐዘንተኛዋ ብቅ ስትል ደንግጦ ወደ ሟች ይመለሳል።

«አታለቅስም እኮ» አለች አንዷ እንግዳ፣ ስኒዋን ከንፈሯ ላይ አድርጋ።

«ደንግጣ ነው» አለች ሌላዋ። «ድንጋጤ እንባ ያደርቃል።»

ሐዘንተኛዋ የምትሠራው መድኃኒት ቤት ነው። ቀኑን ሙሉ «ከምግብ በኋላ፣ በቀን ሁለት ጊዜ» ስትል ትውላለች፤ ሰፈሩ ሐኪም ጋ ከመሄዱ በፊት እሷን ያማክራል። ሟች አባቷ ናቸው። ሠላሳ አንድ ዓመት የከተማ አውቶቡስ የነዱ፣ ጡረታ ከወጡ በኋላም ወንበር ላይ ሲቀመጡ ቀኝ እግራቸውን ፍሬን እንደሚረግጥ ሰው ወደ ፊት የሚዘረጉ ሰው ነበሩ።

የሚመጣው ሁሉ «ሳይማቅቅ፣ ሳይንገላታ፣ የታደለ ሞት ነው» ይላታል። እሷ አንገቷን ትነቀንቃለች። ማንም የማያውቀው ነገር አለ። በመጨረሻዋ ጠዋት አባቷን ምን እንዳለቻቸው ለማንም አልተናገረችም። ቃሉ ሦስት ቀን ሙሉ ጉሮሮዋ ላይ እንደ ክኒን ተጣብቆ፣ በውሃም በሻይም አልወርድ ብሏታል።

ነገሩ የተጀመረው ከሁለት ዓመት በፊት፣ ሐኪሙ የአባትየውን የደም ስኳር አይተው «ጣፋጭ በቃ» ያሉ ቀን ነው። ሾፌሩ ያለ ኬክ ሻይ ጠጥተው የማያውቁ ሰው ናቸው። «ሠላሳ ዓመት ቀይ መብራት ሳከብር ኖሬ፣ አሁን የገዛ ጉሮሮዬ ላይ ቀይ መብራት ተከሉብኝ» ብለው አኮረፉ። ኩርፊያቸው ሳምንት አለፈው። ልጅቷ ስልኳን ስትበረብር ሰነበተችና የዱባ ማፊን የሚባል ትንሽ ኬክ አገኘች፤ ስኳር የለው፣ ቅቤ የለው። ዱባው በእንፋሎት ይበስልና ይደፈጠጣል። ሙሉ የስንዴ ዱቄት፣ አጃ፣ ሁለት እንቁላል፣ ዘይት በማንኪያ፣ ቀረፋ፤ ለጣዕም ደግሞ ደቅቃ የተከተፈች ጥቂት ቴምር። አሥራ ሁለት ጉድጓድ ባለው መጋገሪያ ውስጥ ወረቀት ይደረግና ይሞላል።

የመጀመሪያው ዙር ድንጋይ ሆኖ ወጣ። አባትየው አንዱን አንስተው ጠረጴዛው ላይ ኳ፣ ኳ አደረጉት።

«ልጄ፣ ይኼ ቁልቁለት ላይ ጎማ ሥር ቢገባ አውቶቡስ ያቆማል።»

«ብላው አባዬ፣ ለጤናህ ነው።»

«መች አልበላም አልኩ? ጥርሴን ላማክረው ብዬ ነው።»

ሁለተኛው ዙር መሐሉ ሊጥ ሆኖ ቀረ። በሦስተኛው ላይ የተደፈጠጠው ዱባ በወንፊት ተንጠፍጥፎ ውሃው መውጣት እንዳለበት ገባትና፣ አናቱ ተሰንጥቆ፣ ሆዱ ለስልሶ ወጣ። ያን ቀን አባትየው አራት በሉ። ከዚያ ወዲያ ረቡዕና ቅዳሜ ኦቨኑ ሲበራ ኩሽናው በር ላይ ብቅ ይላሉ።

«ዛሬ ስንት ሰው ጫንሽ?»

«አሥራ ሁለት።»

«የቆመ የለም?»

«አንድም የለም።»

«እንደሱ ነው ሥራ ማለት!»

አክስት ግን ነገሩን ከጥንቱም አልወደዱትም። «ስኳር የሌለው ኬክ፣ ሙሽራ የሌለው ሰርግ ነው» ይላሉ። «ደግሞ ኬክና ዱባን ምን አገናኛቸው? ዱባና ቅል እንኳ አበቃቀሉ ለየቅል!» ይኼን እያሉ ሁለት ይበላሉ። ሦስተኛውን ለመንገድ ብለው በሶፍት ይጠቀልላሉ።

የመጨረሻዋ ጠዋት እንዲህ ነበረች። ባልደረባዋ ታማ ስለቀረች ልጅቷ ሥራ ቀድማ መግባት ነበረባት። በዋዜማው የተገዛውን ዱባ ለሁለት ከፍላ፣ ግማሹን ማቀዝቀዣ ከትታ፣ በግማሹ እየተጣደፈች ጋገረች። አባትየው ቁርስ ላይ ሁለት በሉ። የሚውጡት ክኒን ባዶ ሆድ አይወድም፤ ሦስተኛውን ሰሃናቸው ላይ አስቀመጠችላቸው።

«በቃኝ» አሉ።

«አባዬ፣ መድኃኒቱ ከባድ ነው። ትንሽ ጨምርበት።»

«በቃኝ አልኩ እኮ።» ሰሃኑን በአንድ ጣት ገፋ አደረጉት።

ምኑ እንደነካት እስካሁን አታውቅም። ድካሙ ይሆናል። ሁለት ዓመት ሙሉ የላጠችው ዱባ ይሆናል። ሰሃኑን የገፋው ያ አንድ ጣት ይሆናል።

«እኔም በቅቶኛል!» አለች። ቦርሳዋን አፈፍ አድርጋ ወጣች፤ በሩንም ድም አድርጋ ዘጋችው።

አራት ሰዓት ሳይሞላ ተደወለላት። አባትየው መናኸሪያው አጠገብ ካለው አግዳሚ ወንበር ላይ፣ እንደ ልማዳቸው ከጡረተኛ ጓደኞቻቸው ጋር እንደተቀመጡ፣ ልባቸው ቀጥ ብላለች።

እና ሦስት ቀን ሙሉ የምታሰላስለው ይኼንን ነው። የበቃቸው ዱባው ነው? እሷ ናት? ወይስ ኑሮው? ሌላው ሁሉ ይቅርባት፤ አንድ ነገር ብቻ ማወቅ ትፈልጋለች፤ አባቷ የሞቱት በእሷ አዝነው ነው ወይስ አይደለም? ሟች ደግሞ አይጠየቅ።

ስምንት ሰዓት አካባቢ፣ ሳሎኑ ጸጥ ባለበት፣ ከደጅ «የሾፌሬ ቤት ይኼ ነው?» የሚል ድምፅ ገባ። ሻይ የምትቀዳው ሴት ደንግጣ ማስቀመጫው ላይ አፈሰሰችው። ጡሩምባ መጡ ማለት ነው።

ጡሩምባ የአባትየው ትኬት ቆራጭ ነበሩ። ሃያ ሁለት ዓመት አንድ አውቶቡስ ላይ፣ አንዱ ከፊት አንዱ ከኋላ ሆነው ሠርተዋል። ቅጽል ስሙን ያመጣባቸው ጉሮሯቸው ነው፤ ያን ሁሉ ዓመት ከሞተር ድምፅ በላይ ሲጮኹ ኖረው፣ ዝቅ አድርጎ መናገር የሚባለው ነገር ጠፍቷቸዋል። ያን ቀን ሾፌሩን ደግፈው ይዘው ሐኪም ቤት ያደረሱት እሳቸው ናቸው። እስከ ዛሬ የቀሩትም የገዛ ደም ግፊታቸው አልጋ ላይ ጥሏቸው ነው።

ባለ ጎማው ወንበር ላይ ተቀመጡ፣ ወደ ኋላ ሸሹ፣ ግድግዳውን መቱ፣ አለቀሱ። መሐረባቸውን አጣጥፈው ኪሳቸው ሲከቱ ልጅቷን በእጃቸው ጠሯትና ወደ ጆሮዋ ጎንበስ አሉ።

«የኔ ልጅ፣ ለብቻሽ የምነግርሽ ነገር ነበረኝ» አሉ በሹክሹክታ። ሹክሹክታው ኩሽና ደረሰ። አክስት ስኒ የሚያጥቡበትን ቧንቧ ዘጉ።

«ይንገሩኝ ጋሼ።»

«ያን ጠዋት አባትሽ አግዳሚው ላይ የመጣው እየሳቀ ነው።»

«እየሳቀ?»

«እንባው እስኪወርድ! ‹ምን አገኘህ?› ብንለው መናገር አቃተው። ኋላ ምን አለን፤ ‹ልጄ ሦስተኛ ስትሰጠኝ በቃኝ አልኳት፤ እሷ ምን ብላ ብትመልስልኝ ጥሩ ነው?›»

የልጅቷ ፊት ዐመድ መሰለ። «ጋሼ፣ እባክዎ ቀስ ይበሉ።»

«ቀስ ብዬ እኮ ነው የማወራው!» አሉ ጡሩምባ፣ የመስኮቱ መስታወት እየነዘረ። «‹እኔም በቅቶኛል› ብላ በሩን ድም አደረገችው፣ አለ!»

ሰው ሁሉ ወለል ወለሉን ያያል። ሦስት ቀን የተደበቀው ነገር በአንድ ትንፋሽ አደባባይ ወጣ።

«ብዬዋለሁ» አለች ልጅቷ። ከእንግዲህ ምን ልትደብቅ! «ተናድጄ ነው ያልኩት ጋሼ። የመጨረሻ ቃሌ እሱ ነው።»

«ተናደሽ?» ጡሩምባ ግራ ተጋብተው አዩዋት። ቀስ በቀስ የሆነ ነገር ገባቸው። «አባትሽ አልነገረሽም እንዴ?»

«ምኑን?»

«በቃኝን ነዋ!» ብድግ አሉ፤ ወንበሩ ብቻውን ሄደ። «ሌላው ሾፌር ሰው በሩ ላይ እስኪንጠለጠል ይጭናል። ያንቺ አባት ወንበሩ ከሞላለት በመስታወቱ ኋላውን ገረፍ አድርጎ ያይና ‹በቃኝ!› ይላል። እኔ የኋላውን አይቼ ‹እኔም በቅቶኛል!› ብዬ በሩን ድም አደርገዋለሁ። በሩ ድም ካላለ ንቅንቅ አይልም። በቀን ሃያ ጊዜ፣ ሃያ ሁለት ዓመት! ሞልቷል፣ ደህና ነን፣ እንሂድ ማለት ነው እኮ። ጡረታ ስንወጣ ግን የሚመልስለት ጠፋ። ያን ቀን አንቺ መለስሽለታ! ‹ቃል በቃል ያንተን መልስ ሰጠችኝ፤ በሩ እንኳ አልቀረም!› እያለ ጭኑን ይመታል። ‹ይቺን ልጅ ቀድሜ ባውቃት ኖሮ አንተን ድሮ አባርርህ ነበር› አለኝ፣ ይኼ ከሃዲ!»

«ግን… ተናድጄ እንደነበር አላወቀም?»

«መናደድሽንማ እንዴት አያውቅ! ሾፌር አይደለም እንዴ፣ የሰው ፊት በመስታወት ያነባል። ‹ማታ ስትገባ ነግሬያት አብረን እንስቃለን› አለ። ከዚያ ትንሽ ቆይቶ ትከሻዬ ላይ ዘንበል አለ።» ጡሩምባ ትከሻቸውን ዳሰሱ። «የሚስቅ መስሎኝ ነበር።»

ይቺን ሲናገሩ፣ በዚያ ሁሉ ዓመት ለመጀመሪያ ጊዜ፣ ድምፃቸው ዝቅ አለ።

ቀድሞ ያመለጠው የአክስት ሳቅ ነው፤ ከኩሽና በኩል «ክፍ!» አለ። ቀጥሎ አንዲት እንግዳ አፏን በነጠላዋ ሸፍና ተከተለች፣ ከዚያ ባሏ፣ ከዚያ ሳሎኑ። ልጅቷ ሁለት እጇን አፏ ላይ አድርጋ ነበር። ትከሻዋ ይንቀጠቀጣል። ሳቅ ይሁን ለቅሶ የለየለት ሰው የለም፤ እሷም አልለየላትም፤ ብቻ እንባዋ መጣ፣ መጥቶም ወረደ፣ እሷም አልጠረገችውም። ሦስት ቀን ወደ ጆሮዋ ወጥቶ የነበረው ትከሻዋ ወደ ቦታው ተመለሰ።

ጡሩምባ እስክትረጋጋ ጠበቁና ጉሮሯቸውን ጠረጉ።

«እና… ነውር አይሁንብኝና የኔ ልጅ፣ ያቺ የዱባዋ ነገር ቤት ውስጥ አልቀረችም? ረቡዕና ቅዳሜ በኪሱ ያመጣልን ነበር። አግዳሚው እንዳለ ለምዷት ተቸግሯል።»

«ለዚያ ነው እንዴ በሳምንት ሁለቴ አሥራ ሁለቱ የሚያልቀው!» አለች ልጅቷ፣ አፍንጫዋን እየጠረገች። «ይቀመጡ ጋሼ። አርባ ደቂቃ ይጠብቁኝ።»

ኩሽና ስትገባ አክስት ዱባውን አውጥተው፣ ቢላዋ ስለው ቆመዋል።

«አሁንስ ልቀቅለው?»

«አይቀቀልም አክስቴ፣ በእንፋሎት ነው።»

«ኤዲያ! ዱባም ወግ አወጣ» አሉ አክስት፤ ግን ላጡት። ልጅቷ ደፈጠጠች፣ አንጠፈጠፈች፣ ዱቄቱንና አጃውን ነፋች፣ ቴምሩን ከተፈች። አክስት ልጅቷ ጀርባዋን ስታዞር ጠብቀው አንድ ማንኪያ ስኳር ሊጨምሩ ሲሉ ተያዙ። «ለእንግዳ ብዬ ነው» አሉ፣ ማንኪያውን ወደ ዕቃው እየመለሱ።

አሥራ ሁለቱ አናታቸው ተሰንጥቆ ወጡ። አክስት አሥራ አንዱን ትሪ ላይ ደርድረው፣ «ገለል በሉ፣ ትኩስ ነው!» እያሉ ወደ ሳሎን ሮጡ። ወዲያው የጡሩምባ ድምፅ ግድግዳውን አልፎ መጣ፤ «እሷ ናት! እሷው ራሷ!»

ልጅቷ ኩሽና ውስጥ ብቻዋን ቀረች። የቀረችውን አንዷን አንስታ ወረቀቷን ዙሪያውን ላጠች። የአባቷ ጣቶች ወረቀት መላጥ እምቢ ካሏቸው ቆይተዋልና ይኼ የእሷ ሥራ ነበር። እፍ፣ እፍ አለችባት። የተላጠችውን በመዳፏ ይዛ ወደ ትንሿ ጠረጴዛ ዞረች። አባቷ ቁርስ የሚበሉበት ወንበር ላይ የእንግዶች ኮት ተከምሯል።

ከዚያ ኮቶቹን በአንድ እጇ ሰብስባ ታቀፈች፣ ወንበሩ ላይ ተቀመጠች፣ ቀኝ እግሯን ወደ ፊት ዘርግታ፣ ማፊኗን ቆርሳ ጎረሰች።