የጋሼ ሹራብ እድፍ

"እድፌስ?" አሉ አንጋፋው ተዋናይ፣ ነጩን ሹራብ ወደ መብራቱ አስጠግተው እያገላበጡ። "እህት ዓለም፣ እድፌን የት አደረግሻት?"

የልብስ ክፍሏ ሠራተኛ ካውያውን እንደያዘች ክው አለች።

"ታጠበ፣ ጋሼ።"

"ታጠበ?" ሊስቁ ጀምረው ተዉት። "አሥራ ስምንት ዓመት ያገለገለችን እድፍ ያለ ጡረታ አሰናበትሻት?"

አስቂኙ ድራማ በቴሌቪዥን መታየት ከጀመረ አሥራ ዘጠነኛ ዓመቱን ይዟል። በመጀመሪያው የገና ክፍል፣ የቤቱን አባት የሚጫወቱት ጋሼ ድስት ሲያነሱ የቲማቲም ስጎ ደረታቸው ላይ ተደፋ። ድርሰቱ ውስጥ ያልነበረ ነገር ነው፤ ተመልካቹ ግን በሳቅ ፈነዳ። ከዚያ ወዲህ በየዓመቱ የገና ክፍል ጋሼ ያንኑ ሹራብ ለብሰው ከደረጃው ይወርዳሉ። ሚስት ሆና የምትጫወተው ተዋናይት ደረታቸውን ታይና፣ "ዘንድሮም አልለቀቀም?" ትላለች። ሰው ዓመቱን ሙሉ የሚጠብቀው ይህችን ነው።

ሹራቡን አሥራ ሁለት ዓመት ከውሃና ከብል የጠበቀችው የልብስ ክፍሏ ሠራተኛ ነበረች። ትናንት በበረኪና የዘፈዘፈችውም እሷው።

ትናንት የዳይሬክተሩ ረዳት፣ ሥራ ከጀመረች ገና ሦስት ወር ያልሞላት ልጅ፣ ጠረጴዛዋ ላይ ወረቀት ጥላላት ወጣች። ድሮ ቢሆን ሴትየዋ፣ "መነጽሬን ረስቼ፣ እስቲ አንብቢልኝ" ትል ነበር። ትናንት ግን አላለችም። ከሥራ በኋላ የጎልማሶች ትምህርት ቤት መግባት ከጀመረች አምስት ወሯ ነው። በሩን ዘጋች፤ ጣቷን ከፊደሎቹ ሥር እየጎተተች አንድ በአንድ ለቀመቻቸው። "የገናው ሳጥን ልብስ በሙሉ ታጥቦ ይተኮስ።" መጨረሻው ላይ ስትደርስ ዐይኗ እንባ አቀረረ።

ሹራቡ ጋ ስትደርስ እጇ አመንትቶ ነበር። ወረቀቱ ግን "በሙሉ" ይላል። እኔ ከወረቀት በላይ አላውቅም፣ ብላ ነከረችው።

"የሜካፕ ቀለም እንቀባው" አለች አሁን።

"የእድፏን መልክ ሕፃን ሁሉ ያውቀዋል፣ እህቴ። እንደ ፎርጅድ ብር ነው የሚለዩት።"

በኪሷ ያለው ስልክ ጠራ። ሴት ልጇ ናት።

"እማዬ፣ ያቺን ወረቀት እንዳትረሻት! ፍሬም ገዝቻለሁ። የመጀመሪያዋ ያነበብሻት ወረቀት ናት፣ ግድግዳ ላይ ነው የምንሰቅላት።"

"እሺ የኔ እናት። ሥራ ላይ ነኝ" ብላ ዘጋችው።

በኮሪደሩ የዳይሬክተሩ ድምፅ ቀደመው። ወሬው ደርሶታል። ረዳቷ ከኋላው እየሮጠች ነበር።

"ጽፌያለሁ እኮ! ሹራቡ እንዳይታጠብ ከጀርባው ጽፌያለሁ!"

"ባለፈው ጫማው ጠፋ፤ ጽፌያለሁ አልሽ። መጋረጃው ተሳሳተ፤ ጽፌያለሁ አልሽ" አላት። "ዛሬ ወረቀቱን በዓይኔ ካላየሁ ቦርሳሽን ይዘሽ ትወጫለሽ።"

ከጀርባው። ሴትየዋ ወደ ልብስ መስቀያው ዞር አለች፤ ወረቀቱን ከኪሷ አውጥታ ገለበጠችው። ሦስት ቃል ብቻ። "ከአባትየው ሹራብ በቀር።" ወረቀት ጀርባ እንዳለው ማንም አልነገራት።

ውሃ የሞላ ባልዲ እግሯ ሥር ነበር። ወረቀቱን አንድ ጊዜ ብትነክረው ቀለሙ ይሟሟል፤ ረዳቷ ትባረራለች፤ ነገሩም በዚያው ያልፋል። ስትቀጠር ቅጹን ያስሞላችው በሰው ነው፤ "ስምንተኛ ክፍል" አስብላ። ያ ቢጣራስ? ማን ይቀጥራታል? የልጇስ ትምህርት?

ረዳቷ እንባዋን ዋጥ አድርጋ ወደሷ መጣች። "እትዬ፣ ወረቀቱ እርስዎ ጋ ነው አይደል? ጥለውት እንኳ ከሆነ ይንገሩኝ፣ ቆሻሻ ውስጥም ገብቼ እፈልገዋለሁ።"

ከልጇ ብዙም አትበልጥም። የሸሚዟ አንድ ቁልፍ ወልቆ በመርፌ ቁልፍ ተያይዟል።

"አልጣልኩትም" አለች ሴትየዋ። "እሷ ጽፋለች። ያላየሁት እኔ ነኝ።"

ዳይሬክተሩ ግራ ገባው። "እትዬ፣ እርስዎ? ሹራቡ እንደማይታጠብ ከርስዎ በላይ ማን ያውቃል? ልጅቷን ለማዳን ብለው ነው?"

"አይደለም።"

"ታዲያ ምን ነክቶዎት ነው? ወረቀቱን ወዲህ ይስጡኝ።"

እጁን ዘረጋ። አልሰጠችውም።

"መነጽርሽን ላምጣልሽ እንዴ፣ እህት ዓለም?" አሉ ጋሼ በዝግታ።

"የለኝም፣ ጋሼ። ኖሮኝም አያውቅም።"

ወረቀቱን ልብስ መተኮሻው ጠረጴዛ ላይ ዘረጋችው። ሁሉም እያዩዋት ጣቷን ከመጀመሪያው ፊደል ሥር አኖረች።

"የ... ገ... ናው" አለች፤ "የገናው... ሳጥን..."

መጨረሻው ላይ ስትደርስ ግንባሯን በእጅጌዋ ጠረገች፤ ከዚያም ወረቀቱን ገለበጠችው።